መጨረሻውን ያላየሁት የዘንዶ ፊልም

አሥራ ሁለተኛ ክፍልን ጨርሼ ውጤት በምጠብቅበት ዓመት ቀበሌያችን የመሠረተ ትምህርት አስተማሪ አድርጎ መደበኝ። ፈቃዴን የጠየቀኝ አልነበረም። አንብቦ መጻፍ የሚችል ወጣት ሁሉ ስሙ ይመዘገብ ነበር፤ የእኔም ተመዘገበ። ሴት ስለሆንሁ የደረሰኝ የሴቶች ክፍል ነው። የምንማረው ከሰዓት በኋላ ከአሥር ሰዓት ጀምሮ፣ ከጣና ዳር ብዙም ሳይርቅ፣ ቀድሞ የእህል መጋዘን በነበረ የቆርቆሮ ቤት ውስጥ ነበር። ወንበር ስላልነበረ ሴቶቹ ከየቤታቸው በርጩማ ይዘው ይመጣሉ። ከሐይቁ ነፋስ ሲነሣ ጣሪያው እየተንኳኳ ድምፄን ይውጠው ነበርና አስተማሪነቱን የጀመርሁት በመጮህ ነው።

በዝርዝሩ ላይ ሠላሳ ያህል ሴቶች ነበሩ። በሁለተኛው ወር የሚመጡት አሥራ አንድ ብቻ ሆኑ። አልፈረድሁባቸውም። አንዳንዶቹ ከማለዳ ጀምሮ ዓሣ ሲሸጡ የዋሉ፣ አንዳንዶቹ ከጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካው የጧት ፈረቃ ወጥተው በቀጥታ የመጡ ናቸው። መጽሐፉ ደግሞ ስለ ዶማ፣ ስለ ቦይና ስለ ኅብረት ይናገራል። ክፉ ነገር አልነበረውም፤ ግን ቀኑን ሙሉ ሲሠራ ለዋለ ሰው መልሶ ስለ ሥራ ማስነበብ እንቅልፍ ያመጣል። «ዶማ» የሚለውን አምስት ጊዜ አስደግሜ ከሰሌዳው ዘወር ስል ግማሾቹን አንቀላፍተው አገኛቸዋለሁ።

ከማይቀሩት መካከል ሁለቱ እስከ ዛሬ በዓይኔ ላይ አሉ። አንዷ ሁላችንም እማማ የምንላቸው ባልቴት ናቸው። ባለቤታቸው ከሐይቁ ዳር ካሉት አድባራት በአንዱ ቅኔ ያስተማሩ መሪጌታ ነበሩ። እሳቸው ሲያርፉ እማማ ወደ ከተማ፣ ወደ ልጃቸው ቤት መጡ። አርባ ዓመት ከመጽሐፍ ጋር በአንድ ቤት ኖሬ አንዲት ፊደል ሳልለይ ልሞት ነው ይሉ ነበር። ሁለተኛዋ በፋብሪካው ፈታይ የነበረች፣ ከዱርቤቴ ከተማ የመጣች ሴት ናት። ሃያ አምስት ዓመት ቢሆናት ነው። ያልገባትን ነገር ገባኝ ብላ አታውቅም፤ የገባትንም ቢሆን ሳትከራከር አትቀበልም።

አባቴ በዚያው ፋብሪካ የዕቃ ግምጃ ቤት ሠራተኛ ነበር። ያደገው ድሬዳዋ ነው፤ በልጅነቱ ሲኒማ ቤት ደጃፍ ያልዋለበት ቀን የለም ብል አላጋንንም። ከፊልም ሁሉ የሚወደው ዘንዶ፣ ግዙፍ ሰው፣ የሚናገር ዛፍ፣ ሰይፍ የታጠቀ ጀግና ያለበትን ነበር። እናቴ፣ ነፍሷን ይማርና፣ ትልቅ ሰው ሆነህ የልጅ ነገር ታያለህ ትለው እንደ ነበር ትዝ ይለኛል። እሱም መልስ ነበረው። የጦርነት ፊልም ጠመንጃው ሲያረጅ አብሮ ያረጃል፤ የፍቅር ፊልምም ልብሱ ሲያረጅ ያረጃል፤ ዘንዶ ግን ዱሮም አልነበረም፣ አሁንም የለም፤ ስለዚህ አያረጅም ይል ነበር።

አንድ እሑድ ከሰዓት በኋላ ወደ ከተማው አዳራሽ ይዞኝ ሄደ። የሚታየው ከአንድ ወዳጅ የሶሻሊስት አገር የመጣ፣ ቋንቋውን ከመካከላችን አንድም ሰው የማይሰማው ፊልም ነበር። ከሥር የተጻፈ ትርጉም የለውም። ታሪኩን የያዝነው በዓይናችን ብቻ ነው።

በአንድ አገር፣ ወንዙ ከሚመነጭበት አፍ ላይ ግዙፍ ዘንዶ ተጋድሞ ውሃውን ዘጋው። እርሻው ደረቀ፣ ከብቱ አለቀ። የንጉሡ ልጅ፣ አንድ እግሩን የሚያነክስ ሽማግሌ ወታደርና እንስራ በጀርባዋ ያዘለች የመንደር ልጅ ሦስት ሆነው ዘንዶውን ፍለጋ ወጡ። የበረዶ ተራራ አቋረጡ። ድንጋዩ የሚያለቅስበት ጫካ ገቡ። አንድ ግዙፍ ቀዛፊ በጉም የተሸፈነ ሐይቅ አሻገራቸው። ሐይቁ ሲታይ ከኋላዬ የተቀመጠ ሰው «ጣና ነው» አለና አዳራሹ ሳቀ። ሳቁ ግን ወዲያው ቆመ፤ ጀልባዋ መንቀሳቀስ ስትጀምር ሁላችንም ተሳፍረንባታል። አባቴን ዞር ብዬ አየሁት። የፊልሙ ብርሃን ፊቱ ላይ እየተመላለሰ አፉን ከፈት አድርጎ እንደ ሕፃን ያያል። ከእናቴ ሞት በኋላ እንደዚያ ሆኖ አይቼው አላውቅም ነበር።

በስተመጨረሻ ከወንዙ አፍ ደረሱ። የንጉሡ ልጅ ሰይፉን መዝዞ ሮጠ። ሰይፉ የዘንዶው ቅርፊት ላይ አርፎ ተሰበረ። ዘንዶው ቀስ ብሎ አንገቱን አነሣ። በዚህ ጊዜ መብራት ጠፋ።

ብዙ ጠበቅን። የሚያፏጨው አፏጨ። በኋላ የአዳራሹ ሰው የእጅ ባትሪ ይዞ ወጣና መብራቱ ዛሬ እንደማይመለስ፣ ፊልሙም በማግሥቱ ጧት ወደ ጎንደር እንደሚሄድ ነገረን። ወደ ቤት ስንመለስ አባባ እንዴት ነው የሚያልቀው ብዬ አባቴን ጠየቅሁት።

«ዘንዶው ይሞታል» አለኝ። «ሁልጊዜም ይሞታል። ሰው ገብቶ የሚያየው ግን መሞቱን አይደለም፤ እንዴት እንደሚሞት ነው።»

እንዴት እንደሚሞት ግን እሱም አላወቀም።

በማግሥቱ የክፍላችን ተራ ፊደል «ዘ» ነበር። መጽሐፉ «ዘመቻ» ይላል። እኔ ጠመኔውን ይዤ ትንሽ ቆየሁና «ዘንዶ» ብዬ ጻፍሁ። የዱርቤቴዋ ሴት እጇን ሳታወጣ፣ የትኛው ዘንዶ ነው፣ እኛ አገር ጥጃ የሚውጠው ነው ወይስ ሌላ ብላ ጠየቀች። ሌላ ነው አልኋት። የበሰለ ሰው አይጠይቀውም ብዬ የገመትሁትን ቀጠለች፤ ምን ያህል ያክላል አለች። ጅራቱ እዚህ ቤት ቢሆን ራሱ የዓባይ ድልድይ ጋ ይደርሳል ብዬ መለስሁላት። ያንቀላፉት ነቁ።

ከዚያን ቀን ጀምሮ ታሪኩን እየቆራረስሁ ነገርኋቸው። በነፃ ግን አልሰጠሁም። በየቀኑ አንድ ወይም ሁለት ዐረፍተ ነገር ሰሌዳው ላይ እጽፋለሁ፤ ያን ሁሉም በየተራ ካላነበበ ታሪኩ አይቀጥልም። አንዷ ስትደናቀፍ ሌሎቹ ከኋላዋ ሆነው ፊደሉን በሹክሹክታ ያቀብሏታል፤ ያዘገየችውን እየተቆጡ ያስጠኗታል። በሁለት ሰዓት ያየሁትን ፊልም ሁለት ወር ሙሉ አስተማርሁበት። ንግግሩ ስላልገባኝ ሰዎቹ የሚናገሩትን ሁሉ ከራሴ አመጣ ነበር። ሴቶቹ ደግሞ ያየሁትን ብቻ እንድነግራቸው አልተዉኝም። ዓሣ ሻጮቹ ቀዛፊው ምን መረብ እንደሚጥል፣ ሐይቁ ምን ዓሣ እንዳለው መረመሩኝ። እማማ፣ ይህች ልጅ ከሁለት ወንድ ጋር መንገድ ስትወጣ እናቷ ምን አለች ብለው ጠየቁኝ፤ እናቷን ከነንግግሯ ፈጠርሁላቸው። የዱርቤቴዋ አንድ ቀን በጣም ተናደደች። እንስራ ተሸክሞ ተራራ መውጣት ከሰይፍ ይከብዳል፣ ታዲያ ልጅቱን ለምን ምንም አታሠሯትም አለች። ፊልሙን የሠራሁት እኔ የሆንሁ ያህል አፈርሁ።

የቀሩት መመለስ ጀመሩ። ከዓባይ ማዶ ሁለት ሴቶች፣ ቀበሌያቸውም ሳይሆን፣ ድልድዩን በእግራቸው እየተሻገሩ መጡ። በርጩማ የማይበቃበት ቀን ሆነና አንዳንዶቹ የታጠፈ ጆንያ ላይ ይቀመጡ ጀመር።

እንዲህ እያለ ከወንዙ አፍ ደረስን። ሰሌዳው ላይ «ዘንዶው ወንዙን ዘግቶ ተኝቷል። ሕዝቡ ተጠማ።» ብዬ ጽፌ እያስነበብሁ ሳለ የቀበሌው የትምህርት ኮሚቴ ተጠሪ በሩ ላይ ቆመ። ካኪ የለበሰ፣ ከእኔ ብዙም የማይበልጥ ወጣት ነው። ገብቶ ሰሌዳውን አነበበ። እንደገና አነበበው። መጽሐፉ የት አለ አለኝ። በእጄ ይዤዋለሁ፤ ገጹ ግን ሌላ ነው።

ያ ዘመን ሰው በአንዲት ቃል የሚጠየቅበት ዘመን ነበር። ከጎረቤታችን አንድ መምህር በሰሌዳ ላይ በጻፈው ምሳሌ ምክንያት ተጠርቶ ሁለት ሳምንት ቆይቶ እንደ ተመለሰ ሁላችንም እናውቃለን። ተጠሪው ጣቱን ሰሌዳው ላይ አደረገና ቀስ ብሎ ጠየቀ።

«ይህ ዘንዶ ማን ነው?»

 ፊልም ነው ብል ማን ያምነኛል ብዬ አሰብሁ። ሴቶቹ መሬት መሬት ያያሉ።  እማማ ከበርጩማቸው ተነሡ።

«ጓድ ልጄ፣ ዘንዶውማ ዘንዶ ነው» አሉ። «ወርቁን ካልህ ግን ድንቁርና ነው። ይኸው እኔን ስድሳ ዓመት ውሃዬን ዘግቶብኝ ኖረ።»

ከዚያ ወደ ሰሌዳው ሄዱና ሳይታዘዙ ጣታቸውን በየፊደሉ ሥር እያሳለፉ አነበቡ። ዘ፣ ን፣ ዶ፣ ው። «ወንዙን» ላይ ትንሽ ቆሙ፤ ከኋላ ለማቀበል አፏን የከፈተችውን ሴት በእጃቸው ምልክት አስቆሟት። ራሳቸው ተወጡት። «ተጠማ» ላይ ሲደርሱ ድምፃቸው ተንቀጠቀጠ። በፍርሃት አልነበረም፤ ጨርሰው ወደ እኛ ሲዞሩ ፊታቸው እንደ ሙሽራ በርቷል።

ተጠሪው ሰሌዳውን ለሦስተኛ ጊዜ አነበበ። ከዚያ ከታጠፉት ጆንያዎች አንዱ ላይ ቁጭ አለ።

«እሺ፣ መጨረሻውስ?» አለኝ።

መጨረሻ አልነበረኝም። ይህን ከአባቴ በቀር የሚያውቅ ሰው የለም። ለሴቶቹ መብራቱ መጥፋቱን ነግሬያቸው አላውቅም፤ ለነገ፣ ለነገ እያልሁ ነበር የኖርሁት። ሠላሳ ሴቶችና አንድ ባለ ካኪ ተጠሪ አፌን እያዩ፣ እኔ ዓይኔን በእጄ የያዝሁት መጽሐፍ ላይ ጣልሁት። ያቺው የዶማዋና የቦይዋ ገጽ ናት። ከእሷ ጀመርሁ።

የንጉሡ ልጅ ሰይፉ ተሰብሮ ሲቆም፣ አልሁ፣ እንስራ ያዘለችው ልጅ ዘንዶውን ሳይሆን መሬቱን ታይ ነበር። ውሃ ቀድታ ያደገች ናትና ውሃ በየት በኩል መውረድ እንደሚወድ ታውቃለች። ወደ መንደሯ ተመለሰች። ሴቶቹን ሰበሰበች። ሽማግሌው ወታደርና የንጉሡ ልጅ ዘንዶውን በጩኸት ወደ እነሱ እያዞሩ ሲያደክሙት፣ ሴቶቹ በኅብረት በጎኑ ቦይ ቆፈሩ። ሦስት ቀን፣ ሦስት ሌሊት። በአራተኛው ቀን የመጨረሻው የዶማ ምት ሲያርፍ ውሃው በቦዩ ገባ፣ ቦዩን አሰፋው፣ ዘንዶውን ከሥሩ ቦርቡሮ ገለበጠውና እንደ ግንድ እያንከባለለ ይዞት ወረደ።

ሴቶቹ እልል አላሉም፤ ረጅም ትንፋሽ ነው የተነፈሱት። የዱርቤቴዋ በደስታ የጎረቤቷን ጭን ደጋግማ መታች። ተጠሪው ተነሥቶ ጆንያውን አራገፈና፣ ጥሩ ነው፣ ግን መጽሐፉንም አትርሺው ብሎኝ ሄደ። በሚቀጥለው ዙር ምዝገባ የገዛ ባለቤቱን ይዟት መጣ።

ፈተናው ሲሰጥ ከክፍላችን ከሦስቱ በቀር ሁሉም አለፉ። እማማ የምስክር ወረቀታቸውን በነጠላቸው ጠቅልለው ወሰዱ። ከዚያ በኋላ ጥቂት ሳምንታት እንዳለፉ፣ የዱርቤቴዋ ሴት ከሥራ ስትመለስ በቤታችን በር ላይ እያለከለከች ቆመች። የአዳራሹ ግድግዳ ላይ ወረቀት ተለጥፏል፣ አንብቤዋለሁ፣ የእኛ ዘንዶ ተመልሷል አለችኝ። በሕይወቷ ለመጀመሪያ ጊዜ መንገድ ላይ ያነበበችው ጽሑፍ እሱ ነበር። እኔ ግን በእሷ ደስታ ልደሰት አልቻልሁም። መጨረሻው ምን እንደሆነ አላውቅም፤ የእኔው ዓይነት እንደማይሆን ግን እርግጠኛ ነበርሁ።

እሑድ ከቀትር በኋላ አሥራ አራት ሴቶች ነጠላቸውን አጣፍተው ከአዳራሹ ደጃፍ ጠበቁኝ። አባቴም አብሮን ሄደ። በመንገድ ላይ እውነቱን ልነግራቸው ሁለት ጊዜ አፌን ከፍቼ ሁለት ጊዜ ዘጋሁት።

ገና ሲጀመር የክፍላችን ድምፅ አዳራሹን ሞላው። ይኸውልሽ ሽማግሌው፣ ይኸውልሽ እንስራዋ እያሉ የሚያውቋቸውን ሰዎች እንደ ዘመድ ተቀበሏቸው። ሌላው ተመልካች ዝም በሉ ሲል ቆየና ታሪኩ ከእኛ ወገን እንደሚተረጎም ሲገባው ጆሮውን ወደ እኛ አደረገ። ዘንዶው ሲወጣ ዓሣ ሻጮቹ ሳቁ፤ ሆዱ ሲንቀሳቀስ ከጨርቅ የተሰፋ መሆኑ ያስታውቃል። ፈታይዋ ስፌቱን ሳይቀር አየችው። እኔ መብራቱ እንደገና እንዲጠፋ በልቤ እየለመንሁ ነበር። አልጠፋም። ሰይፉ ተሰበረ፤ ዘንዶው አንገቱን አነሣ። ከሰማይ በብርሃን የተከበበ ሌላ ሰይፍ ወረደ። የንጉሡ ልጅ ያዘው፣ አንገቱን በአንድ ምት ቆረጠው። ውሃው ፈነዳ። ከዚያ ቤተ መንግሥት፣ ሠርግ፣ መለከት። እንስራዋን ያዘለችው ልጅ ዳግመኛ አልታየችም።

ከአዳራሹ ወጥተን ከመንገዱ ዳር ካሉት ዘንባባዎች ሥር ቆምን። የዱርቤቴዋ ወደ እኔ ዞረች።

«ልጅቱስ የት ገባች?»

ከዚህ በኋላ መደበቅ አልቻልሁም። መብራት ጠፍቶብኝ መጨረሻውን እንዳላየሁት፣ ያን ቀን በድንጋጤ ከራሴ እንደ ፈጠርሁት፣ ዋሽቻቸው እንደ ነበር ነገርኋቸው። እንባዬ መጣ። ከመካከላቸው ከፋብሪካው የምትመጣ አንዲት ሴት፣ እና ስንቱን ዋሽተሽናል አለች፤ ድምፅዋ ላይ ቅሬታ ነበር፣ መብትዋም ነው። አባቴ ሊናገር ሲል እማማ ቀደሙት።

«መሪጌታ ለተማሪዎቻቸው ቅኔውን ከነመቋጫው ሰጥተው አያውቁም» አሉ። «ፊልሙን የሠሩት ሰዎች በሚያውቁት ጨረሱት። አንቺ ደግሞ እኛ በምናውቀው ጨረስሽልን። ምን ያስለቅስሻል?»

ቅር ያላትም ሴት ብትሆን ትንሽ ቆይታ፣ የሰማዩ ሰይፍ እንደ ማጭበርበር ነው፣ ቦዩ ይሻላል አለች። በዚህ ክርክር ተነሣ። ዓሣ ሻጮቹ ሰይፉን ወደዱት። ያ ሁሉ ብርሃን ሲወርድ ደስ አይልም ወይ አሉ። የዱርቤቴዋ ልጅቱን ስለ ረሷት ይቅር እንደማትላቸው ተናገረች፤ ከዚያም ሳንጠይቃት፣ ጨርቅ መሆኑን እያየሁ ውሃው ሲፈነዳ እግሬ የረጠበ መሰለኝ አለች። በሚቀጥለው እሑድ ብቻዋን ተመልሳ አየችው።

ይህን ነገር ብዙ አስቤበታለሁ። ከዚያ በኋላ ስንት የዘንዶ ፊልም አየሁ፤ የዛሬዎቹ ዘንዶዎች ሲተነፍሱ ሙቀቱ የሚሰማ ይመስላል፣ ስፌት የላቸውም። ቢሆንም ከልጆቼ ጋር ቁጭ ብዬ የዱሮዎቹን ሳይ የማይሰለቸኝ፣ እነሱም የማይሰለቻቸው፣ በስፌቱ በኩል ለእኛ የሚሆን ቦታ ስለ ተተወ ይመስለኛል። ከየትም አገር ይምጣ፣ በምንም ቋንቋ ይናገር፣ ውሃ የተዘጋበት ሕዝብና መንገድ የወጣ ሰው ካለበት ማንም ሰው የራሱን ወንዝ ይዞ ይገባል። እኔ ጣናን ይዤ ገባሁ። ሴቶቹ እንስራቸውን ይዘው ገቡ። አባቴ ምን ይዞ ይገባ እንደ ነበር ጠይቄው አላውቅም፤ ሲወጣ ግን ሁልጊዜ ቀለል ብሎት ነበር።

የዱርቤቴዋ በማታ ትምህርት ስምንተኛ ክፍልን ጨረሰች፤ በፋብሪካውም የፈረቃ ኃላፊ ሆነች። እማማ የባለቤታቸውን ዳዊት ከሳጥን አውጥተው መግለጥ ጀመሩ። ግእዙ ባይገባቸውም፣ በጆሯቸው አርባ ዓመት የሰሙት ቃል እንዲያ ያለ መልክ እንዳለው በማየታቸው ይደነቁ ነበር። አንድ ቀን ልጠይቃቸው ስሄድ አንድ መስመር ላይ ጣታቸውን አድርገው፣ ይህችን መሪጌታ ሁልጊዜ ሕመም ሲጠዘጥዛቸው ይሏት ነበር፣ አሁን ፊቷን አየኋት አሉኝ።

የእኔ ውጤት መጥቶ መምህራን ማሠልጠኛ ገባሁ። ስጨርስ የተመደብሁት አንበሳሜ የምትባል ትንሽ ከተማ ነበር። አባቴ እስከ አውቶቡሱ ሸኝቶኝ፣ እዚያ ሲኒማ የለም፣ ምን ልታደርጊ ነው አለኝ። አላውቅም አልሁት። በመጀመሪያው ቀን ስድሳ ሁለት ልጆች ቁጭ ብለው አፌን ያያሉ። መዝገቡን ጠርቼ ጨረስሁ፣ ጠመኔ አነሣሁ፣ ጀርባዬን ሰጥቻቸው ጥቂት አሰብሁ። ከዚያ ማንም ሠርቶት የማያውቀውን፣ እኔም ገና መጨረሻውን የማላውቀውን አንድ ታሪክ የመጀመሪያ ቃል ሰሌዳው ላይ ጻፍሁ። ከኋላዬ ያለው ጫጫታ በአንድ ጊዜ ጸጥ አለ።